ሽማግሎች የመጡበት ጥር

ባለፈው ሳምንት ከባሕር ዳር ወደ ደብረ ታቦር በሚኒባስ ስመጣ ሐሙሲት ላይ አንዲት ተማሪ ተሳፍራ አጠገቤ ተቀመጠች። እግሯ ሥር አፉ በጨርቅ የታሰረ ማዳበሪያ አስገብታለች። መኪናው በነጠረ ቁጥር ከማዳበሪያው አንድ ሽታ ብድግ ይላል፤ ኮምጠጥ ያለ፣ ጭስ ጭስ የሚል፣ ትንሽም አቧራ ያለበት። ድርቆሽ ነው። በፀሐይ ደርቆ የተፈረፈረ እንጀራ፣ ከተማ ቤት ተከራይቶ ለሚማር የገጠር ልጅ የሳምንት ስንቁ። ልጅቱ በሽታው እንዳፈረች ገባኝና "እናትሽ ናት ያዘጋጀችልሽ?" አልኳት። "አዎ" ብላ ፊቷን ወደ መስኮቱ አዞረች። ለማታውቃት ሴት ስለ እናቷ ማውራት አልፈለገችም። ወደድኳት። እኔም በእሷ ዕድሜ የቤቴን ነገር ለሰው አልናገርም ነበር። አንድ ጊዜ ብቻ ተናገርኩ፤ እሱም ያልሆነ ነገር ነበር።

ያን ዓመት ዘጠነኛ ክፍል ነበርኩ፤ ዐሥራ አምስት ዓመቴ። ቤታችን ከገሳይ በላይ፣ ወደ ጉና በሚያወጣው አቀበት ላይ ስለሆነ ለትምህርቱ ደብረ ታቦር ቤት መከራየት ግድ ሆነ። ከሰፈራችን ልጅ ከብርቄ ጋር አንዲት ክፍል ተከራየን። ግድግዳዋ ጋዜጣ የተለጠፈበት፣ መስኮቷ ከመጽሐፍ ብዙም የማትበልጥ፣ አልጋዋ አንድ። ብርዱ ሲበረታ ሁለታችንም በአንድ ብርድ ልብስ እንጠቀለላለን። ዓርብ ከትምህርት ቤት ስንወጣ ድንች ሊጭን ባዶውን በሚሄድ አይሱዙ ተሳፍረን ገሳይ እንወርዳለን፤ ከዚያ በኋላ ያለው በእግር ነው። እሑድ ከሰዓት በኋላ ስንቃችንን ተሸክመን እንመለሳለን።

ብርቄ ታላቅ እህት ነበረቻት፤ ስምንተኛ ክፍል ላይ እያለች የተዳረች። እህቷ እስከ ሰርጉ ሳምንት ድረስ ምንም አልሰማችም። ቤተሰቡ፣ ጎረቤቱ፣ ቄሱ፣ ሁሉም ያውቃል፤ እሷ ብቻ አታውቅም። ብርቄ ይህን ነገር ስታወራ ድምፅዋን ዝቅ ታደርጋለች።

"ምልክቱን ማየት ነው" ትለኝ ነበር። "መጀመሪያ አንች ስትገቢ ወሬ ያቆማሉ። ቀጥሎ የማታውቂያቸው ሽማግሎች ይመጡና ያዩሻል። ከዚያ አዲስ ነገር ይገዙልሻል። ጠላ ከተጠመቀማ በቃ፣ አልቆልሻል።"

ከመምህር ከሰማሁት ትምህርት ሁሉ ይልቅ ይህ በልቤ ቀረ። ድሮም ተጠራጣሪ ነበርኩ። እናቴ "ይቺ ልጅ የሰጠኋትን ወተት ሳታሸት አትጠጣም" እያለች ለጎረቤት ታወራ ነበር። ዓርብ ዓርብ ቤት ስገባ እንግዲህ ማሽተት ጀመርኩ።

የመጀመሪያውን ምልክት ያገኘሁት በኅዳር መጨረሻ ነው። ቅዳሜ ጧት እሳት ልጭር ማድቤት ስገባ የእማዬ ቁርበት ምድጃው አጠገብ ተነጥፏል፤ ጋቢዋም ተጣጥፎ ራስጌው ላይ ተቀምጧል። ማድቤታችን ከትልቁ ቤት የተለየች ጎጆ ናት፤ ሰው የሚያድርባት እንግዳ ሲበዛ ብቻ ነው። እንግዳ ደግሞ አልነበረም።

"እማዬ፣ እዚህ ነው እንዴ የምታድሪው?"

"ወገቤን ብርድ መታኝ። እሳቱ ይሻለኛል" አለችና ቁርበቱን ጠቅልላ አነሣችው።

ወገቧን አየሁት። ሁለት እንስራ ውኃ ከምንጭ አምጥታ ገና ማውረዷ ነው፤ ወገቧ ምንም አልሆነም። ስለዚህ ትልቁን ቤት ለሌላ ነገር ፈልገውታል ብዬ አሰብኩ። የብርቄ እህት ልትዳር ስትል ትልቁን ቤት በእበት ለቅልቀው ለእንግዳ አዘጋጅተውት ነበር አይደል? የእኛን ቤት ግድግዳ ዞሬ ዞሬ በእጄ ዳሰስኩት። ደረቅ ነው። ገና አልለቀለቁትም፣ ጊዜ አለኝ አልኩ።

ሁለተኛው ምልክት አያ ታከለ ናቸው። አያ ታከለ በአካባቢያችን ትልቁ ሽማግሌ ነበሩ። ጭራቸው ከእጃቸው አይለይም፤ የሚናገሩት ጥቂት ነው፣ እሱንም ጭራቸውን ግራና ቀኝ ካወናጨፉ በኋላ። በታኅሣሥ፣ ገብስ እየተወቃ፣ አንድ ቅዳሜ ከንስሐ አባታችን ከቄስ ሞገስ ጋር ቤታችን መጡ። እኔ ውኃ ሳቀርብላቸው ሦስቱም ዝም አሉ። ሦስተኛው አባቴ ነው። አያ ታከለ ከእግሬ እስከ ራሴ አዩኝና ለአባቴ እንጂ ለእኔ ባልሆነ አነጋገር "ስንት ሆናት?" አሉ።

"ዐሥራ አምስት" አለ አባዬ።

"ትልቅ ናት እንግዲህ። ቤት መያዝ ትችላለች?"

አባዬ ዓይኑን መሬት ላይ ጥሎ "ትችላለች" አለ።

የውኃውን ጣሳ መሬት ላይ አስቀመጥኩ። ቄስ ሞገስ መስቀላቸውን አውጥተው አሳለሙኝና "እግዜር የሚበጅሽን ያምጣልሽ፣ ልጄ" አሉኝ። እሳቸውንም ጠረጠርኳቸው። ያጠመቁኝ፣ ፊደል ያስቆጠሩኝ ሰው ናቸው፤ መስቀላቸውን ስሳለም ግን ከንፈሬን አላስነካሁትም።

ከዚያ ወጥቼ በጓሮ በኩል ዞርኩና ግድግዳው ሥር ተቀመጥኩ። የሳጥኑ መክፈቻ ሲንኳኳ ሰማሁ። በቀዳዳው ስመለከት አባዬ የመሬት ደብተሩን አውጥቶ ለአያ ታከለ ያሳያቸዋል። የመሬት ደብተር በእኛ አገር የባልና የሚስት ጉርድ ፎቶ ጎን ለጎን የሚለጠፍበት ደብተር ነው። እማዬ በዚያ ፎቶ ላይ በጣም ደንግጣለች፤ በሕይወቷ የተነሣችው ያን አንድ ፎቶ ብቻ ይመስለኛል። አያ ታከለ የወንዙን ዳር ማሳና የላይኛውን የገብስ መሬት ስም እየጠሩ ይጠይቃሉ። ቀጥሎ ወደ በረቱ ሄደው ላሚቱንና ሁለቱን በሬዎች አዩ።

ይህን ያየ ሰው ምን ይላል? ልጅ ሲዳር ከሁለቱም ወገን ከብት ይሰጣል፤ ማጫ ይባላል። መሬት ቆርሶ የሚሰጥም አለ። የእኔን ማጫ እየቆረጡ ነው አልኩ። ላሚቱን በጣም እወዳት ነበርና እሷ አብራኝ እንደምትሄድ ሳስብ ትንሽ እንደመጽናናት አለኝ፤ ወዲያው ደግሞ በራሴ ተናደድኩ።

በገና ማግስት አባዬ ከሐሙሲት ጫማ ይዞልኝ መጣ። ድንች ይነግድ ስለነበር ሐሙሲት ገበያ ይመላለሳል፤ አንዳንዴም ሁለት ሦስት ቀን ይቆያል። ሽፍን ጫማ ነው፣ ጥቁር፣ ቀበቶ ያለው። ከዚያ በፊት ላስቲክ ጫማ ካልሆነ ገዝቶልኝ አያውቅም። "ለኪው እስቲ፣ የሹ" አለኝ። የሻረግ ነው ስሜ፤ የሹ የሚለኝ እሱ ብቻ ነው። ለካሁት፤ ልክ ነው። አባዬ እግሬን እያየ ቆየና "አባትሽን ትወጃለሽ አይደል?" አለኝ።

እንዲህ ያለ ነገር ጠይቆኝ አያውቅም። በእኛ ቤት ማንም ለማንም እንዲህ አይልም። "እወዳለሁ" አልኩት፤ እውነቴን ነበር፣ በጣም ነበር የምወደው። ግን እያልኩት እንኳ በሆዴ 'ይሄ ሰው ምን ሊያደርገኝ ነው?' እላለሁ። እማዬ በር ላይ ቆማ ታየን ነበር። ጫማውን አየችው፣ እሱን አየችው፣ ወደ ማድቤት ሄደች። ጫማውን ከተማ ስወስደው ብርቄ ገልብጣ አገላብጣ አየችና "በቃ" አለች። ሌላ ማብራሪያ አላስፈለገኝም።

የቀረው ጠላው ብቻ ነበር። ከጥምቀት በፊት ባለው እሑድ፣ ስንቄን ልወስድ ማድቤት ስገባ እማዬ ጌሾ ትወቅጣለች። ጋኑ ታጥኖ አፉን ወደ ታች ተደፍቷል። ዘነዘናው ሙቀጫው ውስጥ ሲወርድ ድምፁ እግሬ ድረስ ይሰማኛል። ድርቆሼ በማዳበሪያ ታስሮ ደጃፉ ላይ ተቀምጧል፤ እንድወስደውና እንድሄድ።

"ጠላው ለማን ነው?"

"ለሽማግሎች።"

"መቼ ነው የሚመጡት?"

"ጥር ዐሥራ ሦስት። ቃና ዘገሊላ ሲያልፍ በማግስቱ።"

ጥር የሰርግ ወር ነው። የሳምንታት ጥርጣሬ ሁሉ አንድ ላይ ወጣ።

"እማዬ፣ እኔን ልትድሩኝ ነው?"

ዘነዘናው አየር ላይ ቆመ። እማዬ ቀና ብላ አየችኝ። ፊቷን አሁንም አየዋለሁ፤ መጀመሪያ ግራ የገባት ሰው ፊት ነበር፣ ሊስቅ ትንሽ የቀረው። ከዚያ ሳቁ የሆነ ቦታ ላይ ቀረ። አንድ ነገር ታስብ ነበር። ረዘም አድርጋ አሰበች። መልሳ መውቀጥ ጀመረች።

"አባትሽን ጠይቂው" አለች።

ሴት ልጅ አባቷን እንዲህ ያለ ነገር እንደማትጠይቅ እሷም ታውቃለች፣ እኔም አውቃለሁ። ማዳበሪያዬን ተሸክሜ ወጣሁ። ቁልቁለቱን ስወርድ እያለቀስኩ ነበር። በእናቴ ነበር ያዘንኩት። አባዬስ ይሁን፣ እሷ ግን 'አይደለም' ማለት እንዴት አቃታት?

ሰኞ ጧት መምህርት አበባን ቢሮዋ ድረስ ሄጄ አገኘኋት። የልጃገረዶች ክበብን የምትመራው እሷ ነች። ክበቡ ከዚያ በፊት በነበረው ዓመት አንዲት የሰባተኛ ክፍል ልጅ ከሰርጓ እንዳስጣለ በገሳይ ወዲያና ወዲህ ያልሰማ የለም፤ እማዬም ራሷ ምንጭ ዳር ስታወራው ሰምቻታለሁ። ለመምህርት አበባ ሁሉንም ነገርኳት። የማድቤቱን መኝታ፣ የአያ ታከለን ጥያቄ፣ የመሬት ደብተሩን፣ ከብቶቹን፣ ጫማውን፣ ጠላውን። ስናገር ሁሉም ቦታ ቦታውን ይዞ ተደረደረ፤ ራሴም ይበልጥ አመንኩት። መምህርት አበባ እያዳመጠች ትጽፋለች።

"እናትሽን ጠይቀሻታል?"

"ጠይቄያታለሁ። አይደለም አላለችም።"

እስክሪብቶዋን አስቀመጠች። "በቃ፣ ቤት እንዳትሄጂ" አለችኝ።

ጥምቀትን ከተማ ቀረሁ። ታቦታቱ ሲወርዱ ከብርቄ ጋር ሰው መሀል ገብቼ አየሁ፤ ግን ያየሁት ታቦት ሳይሆን ሰው ነበር። ከሰፈራችን የመጣ ሰው ካለ እያልኩ ነጠላዬን እስከ ዓይኔ ተከናንቤ። ሽማግሌ ባየሁ ቁጥር ከብርቄ ጀርባ እደበቃለሁ።

ጥር ዐሥራ ሦስት ቀን መኪና ተዘጋጀ። መምህርት አበባ፣ ከወረዳ የመጣች የሴቶች ጉዳይ ሠራተኛ፣ አንድ ፖሊስና ሾፌሩ። እኔ ከኋላ ተቀመጥኩ። መኪናው አቀበቱን ጨርሶ ስለማይወጣ የመጨረሻውን በእግር ሄድን። ከጽድ ዛፉ ሥር፣ ከቤታችን ፊት ለፊት ያለው ሜዳ ላይ ሽማግሎቹ በግማሽ ክብ ተቀምጠዋል። ዘጠኝ ናቸው። አያ ታከለ መሀል ላይ፣ ቄስ ሞገስ በቀኛቸው። እማዬ ከዳር ጥቁር ነጠላዋን አዘቅዝቃ ቆማለች።

አባዬን ለማየት ትንሽ ጊዜ ፈጀብኝ፣ ምክንያቱም ጎንበስ ብሎ ነበር። ማጅራቱ ላይ ትልቅ ድንጋይ ተሸክሟል።

የበደለ ሰው ነው ድንጋይ የሚሸከመው። ሽማግሎች ፊት፣ በበደለው ሰው እግር ሥር፣ ድንጋይ ማጅራቱ ላይ አድርጎ 'ስለ እግዚአብሔር' ይላል። የተበደለው ይቅር ካለ በገዛ እጁ ድንጋዩን ያነሣለታል፤ ያን ጊዜ እርቁ አለቀ። ይህን ከአራት ዓመቴ ጀምሮ አውቀዋለሁ። ሁለት ጎረቤቶቻችን በድንበር ሲታረቁ አይቼ ድንጋዩን ለመሸከም ስሞክር እግሬ ላይ ጥዬዋለሁ። ልጁን የሚድር አባት ድንጋይ አይሸከምም። ልጅ ሊጠይቁ የመጡ ሽማግሎች ፊት ማንም ድንጋይ አይሸከምም። አየሁና እዚያው ገባኝ። ባለቀ ሰዓት ገባኝ።

ፖሊሱ ግን አልገባውም። ከወረዳ የተሰጠውን ሥራ ሊሠራ መጥቷል። "ልጅ ልትድሩ መሆኑ ደርሶን ነው የመጣነው" አለ።

አያ ታከለ ጭራቸውን አላወናጨፉም። "የማንን ልጅ?" አሉ።

ፖሊሱ ዞሮ ወደ እኔ አመለከተ።

ዘጠኙም አዩኝ። አባዬም አንገቱን ከድንጋዩ ሥር አዙሮ አየኝ። ማልቀስ ፈለግሁ፤ መሸሽ ፈለግሁ፤ አንዱንም አላደረግሁም። አባዬ ወደ እማዬ ተመለከተ፤ ድንጋዩ እንዳለ ነው። ሰው ሁሉ እሷን ጠበቀ። አንዲት እርምጃ ወደፊት ብትሄድ፣ እጇን ብትዘረጋ፣ ያ ሁሉ ያልቅ ነበር። አልተራመደችም። አባዬ ቀስ ብሎ ቀና አለና ድንጋዩን በገዛ እጁ አወረደው። መሬት ላይ ሲያስቀምጠው ድምፅ እንኳ አላሰማም።

"ልጁ የከሰሰችው ሰው ቤት እርቅ አናወርድም" አሉ አያ ታከለ ተነሥተው። "ስለ ይቅርታ መጥተን በልጅ መዳር ልንከሰስ። ደኅና ዋሉ።" ሽማግሎቹ አንድ በአንድ ሄዱ። ጋን ሙሉ ጠላ አንዲት ዋንጫ ሳይቀዳ ቀረ። መምህርት አበባ ክንዴን ይዛ "አልተሳሳትሽም፣ መጠርጠርሽ ልክ ነው" ትለኛለች፤ ልታጽናናኝ ነው እንጂ እሷም ፊቷ ቀልቷል። አባዬ ጋቢውን ትከሻው ላይ ጣለና ቁልቁል ወደ ገሳይ መንገድ ጀመረ። ከኋላው "አባዬ" ብዬ ጠራሁት። አልዞረም።

ነገሩ ምን እንደነበር ቀስ በቀስ ከሰው አፍ ለቃቀምኩት። አባዬ ሐሙሲት ሌላ ሴት ነበረችው፤ ልጅም ወልዳለታለች። እማዬ ይህን ከሰማች ጀምሮ ማድቤት ታድር ነበር። ፍቺ ጠይቃለች። አያ ታከለ ዕድሜዬን የጠየቁት ፍቺው ከሆነ ከማን ጋር እንደምኖር፣ ከአባቴ ጋር ብቀርም ቤቱን መያዝ እችል እንደሆነ ሊያውቁ ነው፤ መሬቱንና ከብቱን ያዩት ወላጆቼ ቢካፈሉ ምን እንደሚደርሳቸው ሊያዩ ነው። ጫማው ደግሞ እኔ በአባቴ ወገን እንድሆን ነው። አባቴ የገዛልኝን ጫማ ግን ከዚያ በኋላም አድርጌዋለሁ፤ ሌላ አልነበረኝም።

በየካቲት ፍቺው በፍርድ ቤት ሆነ። ሽማግሌ የሚያስታርቃቸው ስላልተገኘ ቶሎ አለቀ። እማዬ ስንቄን ይዛልኝ ደብረ ታቦር መጣች፤ ወደ ክፍሌ ስትመጣ የመጀመሪያዋ ነው። ብርቄ ወጥታ ተወችን። እማዬ አልጋው ጠርዝ ላይ ተቀምጣ የተለጠፈውን ጋዜጣ ታነብ ይመስል ግድግዳውን ታያለች፤ ፊደል አታውቅም። እኔ ድርቆሹን ከማዳበሪያው ወደ ሰፌድ እገለብጣለሁ።

"በእኔ ምክንያት ነው" አልኳት። አንድ ወር ሙሉ ያመመኝ ነገር ይህ ነው። "እኔ ባልናገር ትታረቁ ነበር።"

"እንታረቅ ነበር" አለች።

ሰፌዱን አስቀምጬ አየኋት።

"ጠይቀሽኝ ነበር፣ የሻረግ። ልትድሩኝ ነው ወይ ብለሽ። ይህች ልጅ ምን ሆነች ብዬ ልስቅ ነበር።" ነጠላዋን ከትከሻዋ ላይ አነሣችና መልሳ አስቀመጠችው። "ዘጠኝ ሽማግሌና የንስሐ አባትሽ ፊት፣ ባል ድንጋይ ተሸክሞ እግርሽ ሥር ወድቆ፣ አላነሣም ያለች ሴት አይተሽ ታውቂያለሽ? እኔ አላየሁም። ከዚያ ቀን በኋላ በዚህ አገር ውኃ የሚያቀብላት የለም። ላነሣለት ነበር፤ ግዴን። እድሜ ልኬን ማድቤት እያደርኩ፣ እሱ ሐሙሲት እየተመላለሰ። አንች ስትጠይቂኝ ያች የሰባተኛ ክፍል ልጅ ትዝ አለችኝ። መኪና መጥቶ ሰርጉን እንዳፈረሰው።"

"ስለዚህ ዝም አልሽ።"

"ዝም አልኩ" አለች። "እንደምትሄጂ አውቄያለሁ። አንች መቼም ዝም አትይም።"

የተሰማኝን መናገር ያቅተኛል እንዳልል፣ በደንብ አውቀዋለሁ፤ ተናደድኩባት። ያን ያህል ሰው ላይ ተናድጄ አላውቅም። እኔ አንድ ወር ሙሉ ሳለቅስ እሷ ታውቅ ነበር። አያ ታከለን፣ አባቴን፣ ቄሱን ሁሉ ስጠረጥር መጠርጠር የነበረብኝ ጌሾ የምትወቅጠዋን ሴት ነበር። ደግሞም በዚያው ሰዓት እጆቿን አየሁ፤ ሁለቱንም ጉልበቷ ላይ አድርጋ የሚሰነዘርባትን ቃል ትጠብቃለች፣ ልክ ድንጋይ እንደተሸከመ ሰው። ይቅር አልኩሽ አላልኳትም። ሽሮ ሠራሁና አብረን በላን።

አባዬ የመጣው በማግስቱ ነው። ሁለተኛው ክፍለ ጊዜ ሳይጀመር ዘበኛው "አባትሽ በር ላይ ነው" አለኝ። ከብርቄ ጋር ወጣሁ፤ እሷ ወደኋላ ቀረት አለች። አባዬ አጥሩን ተደግፎ ቆሟል፤ ከስቷል፣ ጢሙን አልተላጨም። ስለ ትምህርቴ ጠየቀኝ፣ ስለ ብርዱ ጠየቀኝ። ከዚያ ቃል እየመረጠ መጣ።

"አንድ ነገር ልጠይቅሽ ነው የመጣሁት፣ የሹ። ልድርሽ ነው ብለሽ ያሰብሽው በራስሽ ነው? ወይስ እናትሽ እንደዚያ እንድታስቢ አደረገችሽ?"

ዓይኑን አየሁ። ምን እንድመልስለት እንደሚፈልግ ፊቱ ላይ ይታያል። እማዬ ናት ብዬ ብነግረው፣ ልጁን ያገኛል። ልጁ አልካደችውም ማለት ነው፤ ሚስቱ ናት ያሴረችበት። አያ ታከለ ዘንድ ሄዶ ይነግራቸዋል፣ እሳቸው ለአገሩ ይነግራሉ፣ እማዬ ውኃ የሚያቀብላት ታጣለች። እኔን ደግሞ ይዞኝ ይሄዳል፣ የሹ እያለ። እንዴት እንደምወደው በዚያች ደቂቃ ነው ያወቅሁት።

"እኔው ነኝ" አልኩት። "ማንም ምንም አላለኝም። ራሴ ጠርጥሬ፣ ራሴ ሄጄ ተናገርኩ።"

"በሚካኤል?"

"በሚካኤል።"

ራሱን ደጋግሞ ነቀነቀ። "እሽ" አለ። "እሽ፣ የሻረግ። በርች እንግዲህ በትምህርትሽ።" እጁን ትከሻዬ ላይ ሊያደርግ አነሣው፤ ሳያሳርፈው መልሶ ኪሱ ውስጥ ከተተው። መንገዱን ተሻግሮ ወደ መናኸሪያው አቅጣጫ ሄደ። ጥግ ላይ እስኪሰወር ቆሜ አየሁት።

ክፍል ስንገባ ብርቄ ክንዴን ያዘችኝ። "ምን ፈልጎ ነው?"

"የማን ልጅ እንደሆንኩ ሊጠይቀኝ።"

"አንችስ ምን አልሽው?"

"የእማዬ" አልኳትና ደብተሬን ገለጥኩ።